አርባ እርምጃ

የኔ ወፍጮ ሲነሳ ጨረቃ ላይ አቧራ ይቦናል። ጎረቤቱ ሁሉ ሌሊት ጩኸቱ አላስተኛ ብሎት የወፍጮ ቤቴ በር ላይ ተኝቶ ደንበኛ ከለከለ። ብከስ ፍርድ ቤቱ የብረት ፖሊስ፣ ሮቦት፣ መደበልኝ፤ ትእዛዙም፣ በሬን የዘጋ ሰው መኖሪያ ቤቴም ቢሆን ከአርባ እርምጃ ወዲህ አይጠጋኝም።

ችግሩ፣ የዘጊዎቹ አለቃ ባለቤቴ ትርንጎ ነበረች። ይኸው ሦስት ቀን እሷ ከአጥር ውጭ፣ እኔ ሳሎን፣ ምሳ ለየብቻችን።

ዛሬ ብድግ ብዬ ወደ እሷ ወጣሁ።

«አቶ ሽብሩ፣ እርስዎም ከቀረቧት ፍርድ ቤት ደፍረዋል» አለኝ ፖሊሱ።

«ሺህ ጊዜ ደፈረ ብለህ ጻፍ።»

ትርንጎ ቡጢ የሚያክል ጉርሻ ጠቅልላ ጠበቀችኝ።

«ወፍጮውን ሲመሽ ታቆመዋለህ?»

«አላቆምም» ብዬ አፌን ከፈትኩ።

«እንግዲያው ነገም በሩን እዘጋዋለሁ» ብላ አጎረሰችኝ።