ሚስተር ሆልት የሚያቋርጥበት ቦታ

ሴፕቲመስ ፔል ቴአትሩን ለለንደኑ ዝነኛ ተዋናይ ለሆልት፣ በልኩ እንደተሰፋ ካባ አድርጎ ነበር የጻፈው። ሚስቱ የሞተችበት አንድ ሰው መድረክ ላይ ብቻውን ይናገራል፤ ሌላ ተዋናይ የለም። ቴአትሩ ግን ሳምንት ሳይሞላው ተመልካች ሸሸው። የዛሬው ምሽት ካልቀና ይዘጋል።

ረፋድ ላይ ሲለማመዱ ሆልት እንደ ልማዱ መሃል ላይ ዝም አለ። የፔል ትዕግሥት አለቀ።

"ሚስተር ሆልት፣ እዚህ ቦታ ሲደርሱ ሁልጊዜ ለምን ይቆማሉ? ሰዉ እኮ እያዛጋ የሚወጣው በዚህ ነው!"

"እሷ እስክትጨርስ ነዋ!" አለ ሆልት። "ሴት ስትናገር ላቋርጣት እንዴ?"

"የቷ ሴት? ከእርስዎ በቀር ማን አለና?"

"ፔል ወዳጄ፣ የጻፍካት አንተ ነህ፤ እኔን ምን ትጠይቀኛለህ?"

"አልጻፍኳትም! ልፋቴን ሁሉ ገደል ከተው ደግሞ ይቀልዱብኛል?" ፔል በንዴት መድረኩ ላይ ወጣ። "ይውረዱ! እንዴት እንደሚባል ላሳይዎት።"

ሆልት ትከሻውን ሰበቅ አድርጎ ወረደና ከባዶዎቹ ወንበሮች በአንዱ ተቀመጠ።

ፔል ጉሮሮውን ጠርጎ ሆልት ከሚቆምበት ቦታ ጀመረ። "ማርታ፣ ለምን ጥለሽኝ ሄድሽ?" አለና ቀጣዩን ቃል ለመናገር አፉን ከፈተ።

መልሶ ከደነው። ፊቱ አመድ መሰለ፤ ቀስ ብሎም ወደ መድረኩ ኋላ ዞረ።

"በል ቀጥላ!" አለው ሆልት ከታች።

ፔል ዞር ሳይል እጁን ወደ ኋላ አወዛወዘ።

"ዝም ይበሉ እባክዎ" አለ በሹክሹክታ። "ገና አልጨረሰችም።"