የመስታወቱ ጽሑፍ

ዓይነ ስውሯ ሰኒያ በሙዚየሙ የብሬል ጽሑፍ ምረቃ ላይ፣ በጣት የሚዳሰሰውን ፊደል እንድታነብ ተጋብዛ ጣቶቿን ስትዘረጋ፣ ያገኘችው ቀዝቃዛ መስታወት ነበር። ለዓይነ ስውራን የተጻፈውን ጽሑፍ፣ እጅ እንዳያቆሽሸው ብለው በመስታወት ከድነውት አርፈዋል! የካይሮው ሙዚየም ኃላፊ ኡስታዝ ሹክሪ ወደ ጆሮዋ ጠጋ አለ። «እህቴ፣ በነቢዩ ልለምንሽ፣ የሚነበብ አስመስለሽ የሆነ ነገር በይ። ሚኒስትሩ እያዩን ነው!»

ድምፁን አልረሳችውም። የዛሬ ሰባት ዓመት፣ እዚሁ አዳራሽ ውስጥ የአንዲት ጥንታዊ ንግሥት ሐውልት ስትዳስስ፣ «አትንኪ!» ብሎ እጇን በቁልፍ ዘለላ የመታት እሱ ነው። ጠባሳው ዛሬም አውራ ጣቷ ላይ አለ።

«ምን ይላል፣ ልጄ?» አሉ ሚኒስትሩ።

ሰኒያ መዳፏን መስታወቱ ላይ እንደለጠፈች፣ ካሜራዎቹ ቀጭ ቀጭ ወደሚሉበት ዞረች።

«‹አትንኪ!› ይላል፣ ክቡር ሚኒስትር» አለች። «ኡስታዝ ሹክሪ በቃላቸው ያውቁታል።»