የኳሱ ምልክት

ከሠላሳ ዓመት በፊት ለብሔራዊ የቴኒስ ቡድን ለመመረጥ ሁለት ወጣቶች ተጋጠሙ። ይርዳው መስመሩን የነካውን የተጋጣሚውን ኳስ ምልክት ከሸክላው አፈር ላይ በጫማው አጥፍቶ «ውጪ ነው» አለ። እሱ ተመረጠ።

ዛሬ ይርዳው የቡድኑ አሠልጣኝ ነው፤ ያ ተጋጣሚው ደግሞ የመስመር ዳኛ። በወሳኙ ጨዋታ የእንግዳው ቡድን የመጨረሻ ኳስ መስመሩ አጠገብ አረፈ። ከነካው ኢትዮጵያ ከውድድሩ ትወጣለች።

«ምልክቱ የቱ ነው?» አለ ዋናው ዳኛ።

ኳሱ ወዳረፈበት ቀድሞ ደርሶ የቆመው የመስመር ዳኛ ከቦታው ሳይነቃነቅ መስመሩን የነካ ምልክት በጣቱ አሳየው። እንግዶቹ ተቃቀፉ።

«የገዛ አገርህን? አንተ ከይሲ!» ብሎ ይርዳው ጮኸበት።

«እኔ እንዳንተ ምልክት አላጠፋም።»

ሜዳው ጭር ሲል የመስመር ዳኛው ቀኝ እግሩን አነሳ። ከሥሩ፣ ከመስመሩ ስንዝር ወጣ ብሎ፣ የመጨረሻው ኳስ እውነተኛ ምልክት ነበር። በጫማው አጠፋው።