የሶልካን ድንጋይ

«በጣትሽ ጫፍ ነካ ነካ አድርጊውና ይበቃል» አለ የድምፅ ቤቱ ጠባቂ ጋሽ ኦርማን፣ ከጀርባዋ ቆሞ።

ቴሙራ ግን ጨርቁን ባልዲው ውስጥ ነክራ ጨመቀችና የባሏን ድንጋይ ከላይ ወደ ታች ማሸቷን ቀጠለች። ደግሞ በጣት ጫፍ! የቁም ሳጥን አቧራ እንኳ በጣት ጫፍ አይነሳም። ሶልካን ባሏ ነው። ድንጋዩን ለሌላ ሰው ልጅ የምትለቅ ከሆነ እንደ ወጉ አጥባ ነው የምትለቀው።

አዳራሹ ጢም ብሎ ሞልቷል። የወደቡ ሹም የልጅ ልጅ ስም የሚወጣለት ቀን ነው። በዚህ አገር ሕፃን ሲወለድ እናቱ ስሙን ወደ አንድ ድንጋይ አፍ ታንጎራጉራለች። ከዚያ ወዲያ ልጁ አድጎ የትም ቦታ ሆኖ ቢጣራ፣ ድንጋዩ በገዛ ድምፁ ያስተጋባል። አሁንም ግድግዳው ላይ ከተደረደሩት ድንጋዮች አንዱ ሽንኩርት ይሸጣል፣ ሌላው በቅሎውን ይሳደባል። ሰውየው ሲሞት ድንጋዩ ዝም ይላል፤ ሚስቱ ወይም እናቱ አጥባ ለአዲስ ሕፃን ትለቀዋለች። አዲሱ ስም አንዴ ከገባ የድሮው ድምፅ አይመለስም።

የሶልካን ድንጋይ ዝም ያለው በክረምቱ መግቢያ ነው፣ ከባልንጀሮቹ ጋር ጨው ሊቆርጥ ወደ ደሴቱ ከተሻገረ በኋላ። ሹሙ «ማዕበል በላቸው» አለ። ጋሽ ኦርማንም ድንጋዮቹን አዳምጦ «እውነት ነው» አለ። ቴሙራ ራሷ ጆሮዋን ለጥፋ አዳመጠች፤ ምንም የለም። አልቅሳ ጥቁር ለበሰች። ኀዘኗ ሳይወጣላት ደግሞ «ድንጋዩ ያለበት ቦታ ያምራል፣ ሹሙ ወደውታል» ብለው ላኩባት። ወደውታል! ሙክት የመረጠ ነው የሚመስለው።

«ኧረ ልጄ፣ ቶሎ በይ፣ ሕፃኑን ብርድ ይመታዋል» አለ ጋሽ ኦርማን። የሱ ግንባር ግን በዚያ ብርድ ላብ አውጥቷል።

«ያልብሱታ! እኔ ባሌን ነው የማጥበው፣ የሹሙን ጫማ አይደለም።»

ከኋላ አንዲት ሴት ሳቀች። ዓሣ ሻጯ ጉልዳ ነበረች፤ ልጇ ከሶልካን ጋር ስለሄደ እሷም ጥቁር ለብሳለች። «እሰይ የኔ ልጅ! ፍትግ አድርጊው! በቁሙ እያለ ከውሃ ይሸሽ ነበር፤ አሁን የት ያመልጣል!»

ቴሙራ ፈገግ ልትል ምንም አልቀራት። የድንጋዩን አፍ ለማጠብ ጨርቁን ወደ ውስጥ ስትሰድ ግን የሚወርደው ውሃ ቡናማ ሆነ። ድንጋይ ቀለም አይለቅም። ጎንበስ ብላ አየች። ከአፉ በስተኋላ፣ ጉሮሮው ጋ፣ ጭቃ እየተላጠ ነው፤ ድንጋይ እንዲመስል ተብሎ የተለሰነ ቀጭን ጭቃ። ጣቷን ስትሰድ ለስላሳ ነገር ነካች። ሱፍ ነው።

«ተይ!» አለ ጋሽ ኦርማን፣ እጇን ሊይዝ እየተንደረደረ።

በክርኗ ገፈተረችውና ሱፉን ጎተተችው። እንደ በግ አንጀት አላልቅ እያለ ተጎልጉሎ ወጣ። ከዚያ ድንጋዩ ጮኸ።

«…ኧረ የሰው ያለህ! ክረምቱ ወጣ፣ ጀልባ ላኩልን! ኧረ የወደብ ሰዎች!»

ሻክሯል፣ ደክሟል፤ ግን የሶልካን ድምፅ ነው። ጣሪያው ተቀብሎ በአዳራሹ ላይ አዞረው። ሽንኩርት ሻጩ እንኳ ያኔ አልተሰማም።

ጋሽ ኦርማን መሬት መሬት ያያል። «ቀን ከሌት እየጮኹ ሰው አላስቀመጥ አሉ» አለ በቀስታ። «ጌታዬ ናቸው ያዘዙኝ። ሊያመጧቸው የነበሩት ጀልባዎች ለሴት ልጃቸው ሠርግ ተፈልገው ነበር፤ ከዚያ ማዕበሉ መጣ… መሞታቸው ላይቀር ለምን ያስጨንቁናል ብለው…»

«አንጎራጉሪ!» ሹሙ ሕፃኑን ያቀፈችው ምራቱ ላይ ጮኸ። «የልጁን ስም አስገቢ፣ አሁኑኑ!»

ቴሙራ ጀርባዋን ለድንጋዩ ሰጥታ አፉን በትከሻዋ ከለለችው። የባሏ ጩኸት በአጥንቷ ገባ።

«ይሄን ሁሉ ጊዜ ሲጮህ ነበር! እኔ እዚህ ጥቁር ለብሼ ሙሾ አወርዳለሁ፣ እሱ እዚያ ይጣራል፣ እናንተ አፉ ላይ ሱፍ ትጠቀጥቃላችሁ! ሰው ናችሁ እናንተ? በዚህ በኩል አንድም ስም አይገባም! መጀመሪያ እኔን ግደሉኝ!»

ምራቲቱ መሬት ላይ የተከመረውን ሱፍ አየች። ሕፃኑን አየች። ከንፈሯን ጥርቅም አድርጋ ዘጋችና ፊቷን አዙራ ወደ በሩ ሄደች።

«ነይ ተመለሺ! አንቺን እኮ ነው!» አለ ሹሙ። የሚሰማው አልነበረም።

ጉልዳ ከሰው መሃል ወጣች። አሁን አትስቅም፣ አትጮህምም። የልጇ ድንጋይ ያለበትን ግድግዳ ቀና ብላ አየች። ጥቁር ሻሿን ከራሷ ፈታችና የቴሙራ ባልዲ ውስጥ ነክራ ወደ ልጇ ድንጋይ ሄደች። ከኋላዋ ጥቁር የለበሱት የሌሎቹ ጨው ቆራጮች ሚስቶችና እናቶች አንድ በአንድ ሻሻቸውን ይፈቱ ጀመር።