የቡፌው ውስኪ

ልጃቸውን ሊያርሱ የመጡት አማቱ ቤቱ ከገቡ ሦስት ወር ሆኗቸዋል። እሱን አንድ ቀን እንኳ አመስግነውት አያውቁም፤ መጠጥ ሲያዩማ ያማትባሉ። ነገ አገራቸው ሊመለሱ ነውና ዛሬ ሙያውን ሊያሳያቸው ቆረጠ።

ከሠርጉ ተርፎ ቡፌው ላይ የከረመውን ውስኪ አወረደ። ስልኩን እያየ ስኳር በጥቂት ውሃ አሟሟ፣ ከጠርሙሱ ቀዳበት፣ በረዶ ጨመረ፣ የብርቱካን ልጣጭ ጨመቀበት።

«እማማ፣ ለመሸኛ ያህል ይቅመሱልኝ።»

«ለአንተ ስል ነው» ብለው ተቀበሉት።

እሱም ከራሱ ብርጭቆ ጎንጨት አለና ክው ብሎ ቀረ። ሻይ ነው።

አማቱ ጨልጠው አፋቸውን በነጠላቸው ጠረጉ።

«ሙያ አለህ ልጄ። ስኳሩ ግን በዛ፤ ትናንት የጠርሙሱን ሻይ ስቀይር እኔም አጣፍጬው ነበር።»