የተጠባባቂዋ ክስ

በቀጠሮ ስትመላለስ እግሯ ቀጥኗል፤ ዛሬ ግን ደሟ ፈላ። የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ችሎት ፊት ቆሞ፣ «ለሥራው አንደኛ ሆኖ ያለፈው ሰው ሥራ ሳይጀምር ሞተ። ከሳሿ ተጠባባቂ ነበሩና የመቃብሩ አፈር ሳይደርቅ ቦታው ለእኔ ይገባል ብለው መጡ። ይሉኝታ የሚባል የለ! እኛ ሌላ ማስታወቂያ ብናወጣ ምን አጠፋን?» አለ።

«ማስታወቂያው የወጣው ለአለቃችሁ የእህት ልጅ ነው!» ብላ ጮኸች። «አንደኛው ከቀረ ተጠባባቂው ይተካል ያላችሁት እናንተው አይደላችሁም?»

«ረጋ ይበሉ» አሉ ዳኛዋ። «ሟቹን ያውቋቸው ነበር?»

ነገረ ፈጁ በፌዝ ፈገግ አለ።

እሷ ቦርሳዋን ከፈተች። በሕግ እንጂ በርኅራኄ እንዲፈረድላት ስላልፈለገች በር ላይ አውልቃ የከተተችውን ነጠላ አወጣችና እንደ ሐዘንተኛ አዘቅዝቃ ለበሰችው።

«ለፈተናው አንድ አልጋ ላይ ተቀምጠን ነው ያጠናነው» አለች። «ውጤቱ የተለጠፈ ዕለት፣ ‹አይዞሽ፣ እኔ ብቀር አንቺ አለሽ› ብሎ ቀለደብኝ። ባሌ ነው።»

ወደ ነገረ ፈጁ ዞረች።

«አፈሩ መድረቅ አለመድረቁን እኔን ጠይቀኝ!»