የተከፈተበት ሰዓት

«ጋሼ፣ አንዴ ስማኝና ልግባ» ትለኛለች፣ ከችሎቱ በር ፊት ለፊት ቆማ ጥቁር ካባዋን በአንድ እጇ እየቆለፈች። ብበልጣት በስድስት ዓመት ነው። ጋሼ ትለኛለች።

የዐቃቤ ሕግ አለቃችን «መብረቋ» ይላታል። ይህን መዝገብ ሰባት ወር ሙሉ የገነባሁት እኔ ነኝ። ምስክሮቹን ከየጎሬያቸው ጎትቼ ያወጣሁ፣ ተከሳሹ ባል ለሚስቱ የጻፈውን እያንዳንዱን መልእክት የለቀምኩ እኔ። የክርክር ማቆሚያውን ንግግር ግን አለቃችን ሰኞ ጠዋት ሻዩን እያማሰለ ለእሷ ሰጣት። ዳኞች ይወዷታል አለኝ። እኔን የሚወደኝ መዝገብ ቤቱ ነው።

ንግግሯን በቃሏ ትወጣልኛለች። ተከሳሹ ሚስቱን ራሷን እንድታጠፋ ገፋፍቷታል፤ ማስረጃው ሦስት ሰዓት ከሩብ ላይ «እስካሁን አለሽ?» ብሎ የላከላት መልእክት ነው፤ ሴትዮዋ የሞተችው አራት ሰዓት ላይ ነው። «አርባ አምስት ደቂቃ» ትላለች ጣቷን አንስታ፣ ኮሪደሩ ላይ የተቀመጡት ሁሉ ዞር ይላሉ።

የምትጠቅሰው ከሟች ስልክ የወጣውን የመልእክት ሰንጠረዥ ነው። ከተላከበት ሰዓት ቀጥሎ የተከፈተበት ሰዓት የሚል ሌላ ዓምድ አለ። ያ መልእክት የተከፈተው አምስት ሰዓት ከሃያ ላይ ነው፤ የከፈተውም ስልኩን ያነሳው ፖሊስ ነው። ሟች አላየችውም። ያላየችው ቃል ደግሞ አይገፋፋትም፤ ይህን የአንደኛ ዓመት የሕግ ተማሪ ያውቃል። መብረቋ ግን የሚጮኽ ቃል ካገኘች ሌላ ነገር አይታያትም።

እኔ ትናንት ከሰዓት ነው ያየሁት። የሚያድነንንም አውቃለሁ፤ እጄ ላይ ባለው አቃፊ ውስጥ ገጽ አሥራ ሰባት ነው። ከመሞቷ በፊት በነበረው ምሽት የላከው፦ «ልጆቹ የሚያድጉት አንቺ ከሌለሽ ነው። ወኔው ካለሽ ዛሬ ነገ አትበዪ።» ከሥሩ የእሷ መልስ አለ፣ አንዲት ቃል። መልስ ከሰጠችበት ደርሷታል ማለት ነው።

«እንዴት ነው?» ትለኛለች።

የሟች እናት ከአግዳሚው ተነስተው ይመጣሉ። ሰባት ወር ሙሉ «ልጄ» ሲሉኝ የከረሙት ሴትዮ በአጠገቤ አልፈው የእሷን ካባ አንገትጌ ያስተካክላሉ። «የእኔ አንበሳ» ይሏታል። አቃፊውን ብብቴ ሥር እሸጉጠዋለሁ።

«አንደኛ ነው» እላታለሁ። «ግቢበት።»

ውስጥ፣ የዐቃቤ ሕጉ ጠረጴዛ ላይ ጎን ለጎን እንቀመጣለን። ከማዶ የባልየው ጠበቃ ሰንጠረዡን ዘርግቶ አንድ ዓምድ በቀይ እስክሪፕቶ ያከብባል። የትኛውን እንደሆነ ለማወቅ መነጽር አያስፈልገኝም።

ደስ ይለኛል። ለምን እዋሻለሁ? ትውደቅ። ዳኞቹ ፊት፣ እናትየው ፊት ትውደቅና መዝገቡን ማን እንደገነባው ይወቁ። ደግሞስ እኔ ምን አደረግኩ? ቃል ነው የተናገርኩት። ማንም ሊያስረዳብኝ አይችልም።

ይህን ንግግር ግን የሆነ ቦታ አውቀዋለሁ። ባልየው ለፖሊስ በሰጠው ቃል ውስጥ፣ ገጽ አራት ላይ፣ እኔው ራሴ በቢጫ አስምሬበታለሁ። «እኔ ምን አደረግኩ? ቃል ነው የተናገርኩት።»

መብረቋ ትነሳለች። «ክቡር ፍርድ ቤት» ስትል ሰንጠረዡን አስጠጋላትና የተከፈተበትን ሰዓት በጣቴ መታ አደርጋለሁ። ከዚያ ገጽ አሥራ ሰባትን ገፋ አደርግላታለሁ። ዝቅ ብላ ታያለች። ወደ እኔ አትዞርም። የተዘጋጀችበትን ወረቀት በጀርባው ትገለብጠዋለች።

የባልየውን ቃል ድምጿን ሳትለውጥ ታነበዋለች። ቀጥሎ ያለችውን የሟችን አንዲት ቃል አርባ ጊዜ አንብቤያታለሁ፣ ቁጥር ሰጥቻታለሁ፣ ማህተም አስመትቼባታለሁ። ለእኔ ቢሰጠኝ ጠረጴዛ እየደበደብኩ ነበር የምጮኻት። እሷ ግን ከሌላ ክፍል ሆኖ የታዘዘ ሰው እንደሚመልስ፣ ቀስ ብላ ትላታለች።

«እሺ።»

ከኋላዬ አግዳሚው ይንቋቋል። እናትየው ተነስተው ቆመዋል፣ ልጃቸው የመለሰች ይመስል በሩን እያዩ።